ንግግር አልተገኘም

የሕንፃችን በሮች ጨዋ ናቸው፤ ይኼን መካድ አልችልም። ጠዋት ስወጣ በሬ ከእግሬ ቀድሞ ይከፈታል፤ "መልካም ቀን ወይዘሮ ሄርሜላ፣ ጥላዎን አይርሱ" ይለኛል። ላገኘው የማልፈልገው ሰው ኮሪደሩ ላይ ካለ ደግሞ ያ ሰው እስኪያልፍ ድረስ ወሬ እየፈጠረ ያቆየኛል፤ የጉልበቴን መድኃኒት መዋጤን ይጠይቀኛል፣ የነገውን አየር ይነግረኛል። ድሬዳዋ ውስጥ አሁን በር የሚያንኳኳ ሰው የለም። የሚፈለግ ሰው ሲመጣ በሩ ራሱ ይከፍትለታል፤ የማይፈለግ ሰው ሲመጣ በሩ ግድግዳ ይሆናል። ባለቤቱ ማን መጥቶ ማን እንደተመለሰ አይሰማም፣ አይሳቀቅም። ዘመናዊነት ይሉሃል ይኼ ነው።

ጆሯችን ላይ ደግሞ ሎቲ አለ። በእናቴ ጊዜ ሎቲ የሴት ጌጥ ነበር። ዛሬ ወንዱም ሴቱም ያደርገዋል፤ ሶማሊኛውን፣ ኦሮምኛውን፣ አማርኛውን ለየባለቤቱ እየገለበጠ ያሰማዋል፣ ባስ ሲመጣ ይናገራል፣ መስማት የማይፈልጉትን ነገር ደግሞ ከመስማት ያድናል። እኔ ሎቲዬን የማወልቀው ልተኛ ስል ብቻ ነበር።

ሄርሜላ እባላለሁ። የአሮጊት ስም ነው፣ አውቃለሁ፤ አሁን ልጁን ሄርሜላ፣ ሶልያና፣ ኬብሮን ብሎ የሚጠራ ወላጅ የት ይገኛል! ጡረታ የወጣሁት ከምድር ባቡር ነው። ሥራዬ ባቡሮቹ መቼ እንደሚነሡና የት እንደሚቆሙ በሬዲዮ ማዘዝ ነበር። ስለዚህ ጮክ ብዬ ማዘዝ ለምዶብኛል፤ ቤቴም ውስጥ አመሌ ያው ነው። ችግሩም የመጣው ከዚሁ አመሌ ነው።

ሶልያና ታናሽ እህቴ ናት። ሁለታችን ብቻ ነን። የተጣላነው በእናታችን ግቢ ነው። ከዚራ፣ ከባቡር ጣቢያው ጀርባ፣ ሰማያዊ የቆርቆሮ በር ያለው ግቢ ነበረን። ሰፈሩ ለፎቅ ሲፈለግ እኔ በሥራ ጅቡቲ ነበርኩ፤ እሷ እኔን ሳትጠይቅ "እሺ" ብላ ፈረመች። ስመለስ በሩ ተነቅሎ መሬት ላይ ተጋድሟል። በሕይወቴ እንደዚያ ተናድጄ አላውቅም። ሳሎኔ መሀል ቆሜ ጮህኩ፦ "ሁለተኛ ደጄን እንዳትረግጥ! ዓይኗን እንዳላይ! ስሟንም እንዳትጠሩብኝ፣ እስክሞት ድረስ!"

ኧረ ማን ነው ይኼን ያላለ? እናቴ ወተት ሻጩን በየሳምንቱ ትለው ነበር፤ ወተቱም አንድ ቀን ቀርቶ አያውቅም። ሰው እንዲህ ሲል "ቶሎ መጥታችሁ አስታርቁን" ማለቱ መሆኑን ድሬ ውስጥ ያላወቀ የለም። ያላወቀው ቤቴ ብቻ ነው። በሩ "ትዕዛዝዎን ተቀብለናል" አለኝ። ልብ አላልኩትም፤ እያለቀስኩ ነበር።

ንዴቱ አንድ ወር እንኳ አልቆየም። ግን ታላቅ ነኝ፤ ታላቅ ሄዶ ታናሹን ይለምናል እንዴ? መምጣት ያለባት እሷ ናት። በዓል በመጣ ቁጥር ወንበሬን ወደ በሩ አዙሬ ተቀመጥኩ። አልመጣችም። ዘጠኝ ዓመት እንዲሁ አለፈ። ደግሞ የሚገርመው፣ ድሬ ምን ያህል ከተማ ሆና ነው አንድ ቀን እንኳ መንገድ ላይ ያልተገናኘነው? ባስ ልሳፈር ስል "ሞልቷል፣ የሚቀጥለውን ይጠብቁ" ይለኛል፤ በመስኮቱ ግን ባዶ ወንበር ይታየኛል። ሊፍቱ አንዳንዴ እኔ ያለሁበት ፎቅ ላይ ሳይቆም ሽው ብሎ ያልፋል። የከተማ ነገር ነው እያልኩ ተውኩት። እህቴ ግን ናፈቀችኝ፤ በጣም ናፈቀችኝ፤ ይኼን ለማንም ተንፍሼ አላውቅም።

የሕንፃችን እድር በወር አንዴ፣ ቅዳሜ ከሰዓት፣ ምድር ቤት ባለው አዳራሽ ፊልም ያሳየናል። ሊቀመንበሩ ኬብሮን ነው፤ የከዚራ ልጅ ነው፣ አብረን ነው ያደግነው። ኬብሮን ደግ ሰው ነው፤ አንድ ችግር ብቻ ነበረበት። ወሬው ሁሉ ስለ ሙቀት ነው። በተለይ በዓል ሲመጣ ፊቱን ቅጭም አድርጎ፣ ሁለት እጄን ይዞ፣ እንባ እንባ እያለው "ዘንድሮ ሙቀቱ በዛ" ይለኛል። እኔም "ምን ይደረግ፣ ድሬ አይደል!" እለዋለሁ። ትክ ብሎ ያየኝና አንገቱን እየነቀነቀ ይሄዳል። ዕድሜ ነው እያልኩ አዝንለት ነበር።

ያን ቅዳሜ ጎረቤቴ ሂክማ ሙሸበክ በሰሃን ይዛ አጠገቤ ተቀመጠች። ሂክማ ቤት ማቀዝቀዣ ትጠግናለች፤ ከሥራ በቀጥታ መምጣቷ ስለነበር የመፍቻ ቦርሳዋን እግሯ ሥር ወርውራዋለች። ጣፋጩን እየተሻማን ሳለ ኬብሮን ተነሣ።

"የዛሬው ካርቱን ነው" አለ። "በእጅ የተሣለ ነው። አጭር ነው። ንግግር የለውም።"

አዳራሹ አጉረመረመ። "ንግግር ከሌለው ታዲያ ምን ሊለን ነው?" አለ አንዱ ከኋላ። ኬብሮን ፊልሙን ጀመረ።

ወዲያው ሎቲዬ "ንግግር አልተገኘም" አለኝ። ግድግዳው ላይ በር ታየ። "በር" አለኝ ሎቲዬ። ሁለት ትንንሽ ልጆች ታዩ። "ሁለት ልጆች። በር። ንግግር አልተገኘም። በር።" የሁላችንም ሎቲ እኩል እየቀባጠረ ኖሮ አዳራሹ ሙሉ ሰው ጆሮውን ይዞ መሳቅ ጀመረ።

"አውልቁታ አቦ!" ብሎ ጮኸ ኬብሮን። "ዓይን የላችሁም እንዴ?"

አወለቅነው። ጆሮዬን በረደኝ። ሂክማ ወደ እኔ ዘንበል ብላ አንድ ነገር አለችኝ፤ አንድም ቃል አልገባኝም፤ ሶማሊኛ ነው። ይኼን ያህል ዓመት አማርኛ የምታወራኝ ይመስለኝ ነበር! ፊቴን አይታ ገባትና እየሳቀች "ሙሸበኩን ጨረስሽው ነው ያልኩሽ" አለችኝ በአማርኛ። ፊልሙን ማየት ጀመርን።

በሩ ሜዳ መሀል ነው የቆመው። አጥር የለው፣ ግድግዳ የለው፣ በር ብቻ። ሰማያዊ የቆርቆሮ በር ነው፤ ታችኛው ጥግ ድመት የምታልፍበት ቀዳዳ አለው። ሁለቱ ልጆች እየተሯሯጡ ይገቡበታል፤ በወዲያኛው በኩል ሲወጡ የአንዷ የፊት ጥርስ ወልቋል። ተመልሰው ሲገቡ ጥርሱ በቅሎ፣ ቁመታቸው ረዝሟል። እንደገና ገብተው ሲወጡ አንዷ የባቡር ሠራተኛ ቆብ ደፍታለች፣ አንዷ ብሩሽ ጆሮዋ ላይ ሰክታለች። በሩም አብሮ ይለወጣል። ቆርቆሮው እንጨት ይሆናል፣ እንጨቱ ብረት፣ ብረቱ መስታወት። በተለወጠ ቁጥር በሩ ራሱ ደንግጦ ገላውን ዞሮ ያያል። መስታወት የሆነ ጊዜማ ዕርቃኑን የቀረ መስሎት በሁለት እጁ ተሸፈነ። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። እኔም ሆዴን ይዤ ሳቅሁ። የእናታችንን በር የድመት ቀዳዳ አይቼዋለሁ፣ የሥራ ቆቤን አይቼዋለሁ፤ ግን እየሳቅሁ ነበር።

ከዚያ በሩ እንደኛ በሮች ሆነ። ለስላሳ፣ እጀታ የሌለው፣ ከግድግዳ የማይለይ። አንዷ ሴት ወዲህ፣ አንዷ ወዲያ ቀረች።

ውጭ ያለችው ታንኳኳለች። ድምፅ የለም። ዝናብ ይዘንባል፣ አደይ ያብባል፣ ሰሃን ይዛ ትመጣለች፣ ታንኳኳለች፣ ሰሃኑን ይዛ ትመለሳለች። አደዩ ይደርቃል፣ እንደገና ያብባል፤ እንደገና ትመጣለች። የምታንኳኳው እጅ እየተሸበሸበ ይሄዳል። ውስጥ ያለችው ሴት ደግሞ ቡኒ ቀሚስ ለብሳ፣ ወንበሯን ወደ በሩ አዙራ ተቀምጣለች። ፀጉሯ ይነጣል። ሁለቱም አንዱን በር ነው የሚያዩት።

ወንበሬን ወደ በሩ እንደማዞር ለሰው ተናግሬ አላውቅም። አንድም ሰው አያውቅም። ይኼን ሳያይ ሊገምት የሚችል ሰው በዓለም ላይ አንድ ብቻ ነው።

መጨረሻ ላይ ውጭ ያለችው ሴት ማንኳኳቷን ተወች። ትንሽ አሰበች። በሩ ሜዳ መሀል እንደቆመ ታያት መሰለኝ፣ በጎኑ በኩል ልትዞር እግሯን አነሣች። ፊልሙ እዚያ ላይ አለቀ።

ሰው አጨበጨበ፣ አፏጨ። እኔ ተነሥቼ "ማን ነው የሠራው?" አልኩ።

"ሶልያና" አለ ኬብሮን።

ስሟን ከሰው አፍ ከሰማሁ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። "ለምን አልነገርከኝም?" አልኩት።

"ለምን አልነገርከኝም?" ኬብሮን ተቆጣ። "በየበዓሉ እጅሽን ይዤ 'እህትሽ ዛሬም በርሽን አንኳኩታ አንኳኩታ ተመለሰች' እያልኩሽ፣ 'ምን ይደረግ፣ ድሬ አይደል' ትይኛለሽ! ምን ዓይነት ልብ ነው ያላት እያልኩ ስንት ቀን እንቅልፍ አጣሁ!"

"ሙቀቱ በዛ ነበር እኮ የምትለኝ!"

"እኔ? ስለ ሙቀት? ድሬ ተወልጄ ስለ ሙቀት ላወራ?"

መዳፌ ላይ ያለውን ሎቲ አየሁት። ትንሽ፣ የሚያብረቀርቅ፣ ጨዋ ነገር። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የዚህን ሰው እንባ የአየር ሁኔታ እያደረገ ሲያሰማኝ ኖሯል። ያኔ ነው ሳሎኔ መሀል የጮህኩት ሁሉ አንድ ባንድ ትዝ ያለኝ። ባሱም፣ ሊፍቱም፣ በሩም ቃሌን ነበር ያከበሩት።

"የት ናት?" አልኩ።

"ውጭ። እዚህ አዳራሽ በር ላይ። አንቺ ውስጥ ስላለሽ አላስገባ አላት።"

ሮጥኩ። በዚህ ጉልበቴ ሮጥኩ! በሩ ግን አልተከፈተልኝም።

"ክቡራን ነዋሪዎች" አለ በሩ፣ ከላዩ ባለችው ድምፅ ማጉያ። "ለወይዘሮ ሄርሜላ ደህንነት ሲባል በሩ ለጊዜው አይከፈትም። ውጭ ያለው ሰው ሲሄድ ይከፈታል። ስለ ትዕግሥትዎ እናመሰግናለን።"

"ውጭ ያለችው እህቴ ናት!"

"በመዝገባችን እህት የለዎትም።"

አቤት! እንዲህ ያለ ነገር ለሰው ይባላል? "ያልኩትን ትቼዋለሁ፤ ሰርዘው!" አልኩት።

"ለመሰረዝ ሁለቱም ወገኖች አንድ ቦታ በአካል መገኘት አለባቸው።"

"እሺ፣ አስገባትና እንገኝ!"

"ሁለቱ ወገኖች አንድ ቦታ እንዲገኙ አልተፈቀደም።"

ከኋላዬ ሰው መሳቅ ጀመረ። እኔ ግን ደሜ ፈላ። "አንተ ቆርቆሮ! ክፈት ብዬሃለሁ!"

"ተቆጥተዋል፤ በቁጣ የተሰጠ ትዕዛዝ አንቀበልም።"

"ያኔስ? ያኔ ተቆጥቼ አልነበረም?"

"ያኔ ይህ ደንብ አልወጣም ነበር።"

በዚህ መሀል ሰዉ መጨናነቅ ጀመረ። አንዷ ምድጃ ላይ ወጥ ጥጃለሁ ትላለች፣ አንዱ የአስር ሶላት ሊያልፈኝ ነው ይላል። "ሴትዮዋ ለሁለት ደቂቃ ዘወር ብትልልን ምናለ? እኛ እንውጣ" አለ ያው ከኋላ የነበረው።

"ንቅንቅ አትልም" አለ ኬብሮን። "ዛሬ እሺ ካልተባልኩ ከበሩ አልነሣም ብላኛለች። እንደ አማላጅ ነው የቆመችው። እሺ ሳይባል ዘወር የሚል አማላጅ የት አይታችኋል?"

ድሬ ምንም ቢለወጥ፣ አማላጅ በር ላይ ቆሞ ቁጭ በሉ ሳይባል እንደማይቀመጥ የማያውቅ የለም። ወጥ የጣደችው ሴት እንኳ "ይረር በቃ" አለች።

ሂክማ የመፍቻ ቦርሳዋን አንሥታ መጣች። በሩን ከላይ እስከታች ዳበሰችው። "ወላሂ አራት ብሎን ነው" አለች። "ይኼ ሁሉ ኩራት በአራት ብሎን ነው የተንጠለጠለው።"

"የምታደርጉት ነገር በደንቡ የተከለከለ ነው" አለ በሩ።

"እድሩ ፈቅዷል!" አለ ኬብሮን፣ እጁን አውጥቶ። ሰዉ ሁሉ እጁን አወጣ።

ሂክማ ወንበር ላይ ወጥታ መፍታት ጀመረች። በሩ ጨዋነቱን አልተወም፤ "የላይኛው ማጠፊያዬ ላልቷል፣ እባክዎ ይጠንቀቁ፣ እጅዎ እንዳይቆረጥ" ይላታል። አንዲት ሴት ማጨብጨብ ጀመረች፤ ሙሽራ ሊወስዱ የመጡ ሰዎች ደጅ ሲቆሙ እንደሚጨበጨበው ዓይነት ጭብጨባ ነው፤ ሌሎቹም ተቀበሏት። እልልታው ቀለጠ። ሦስተኛው ብሎን ሲወጣ በሩ "የጥገና ክፍል በመንገድ ላይ ነው" አለ። አራተኛው ሲወጣ ተሸክመው ግድግዳ ላይ አስደገፉት። "እንኳን ደህና መጡ" አለ ለጣሪያው፣ ከዚያ ዝም አለ።

በሩ በነበረበት ቦታ እህቴ ቆማለች።

አጥራለች። ፀጉሯ ከኔ በላይ ነጥቷል። ጣቶቿ በቀለም ተለቅልቀዋል። ሰሃን በሻሽ ሸፍና ደረቷ ላይ ይዛለች። ከፊቷ ምንም የሚከለክላት ነገር የለም፤ እሷ ግን ደፉን አላለፈችም።

"ልግባ?" አለች።

"ግቢ እንጂ!" አልኩ። "ማን ከለከለሽ?"

አዳራሹ በሳቅ አበደ። ኬብሮን ግድግዳ ይዞ ነው የሳቀው። ሶልያናም እየሳቀች፣ እያለቀሰች ገባች፤ ጉልበቴን ልትስም ጎንበስ አለች።

"ተይ፣ ተይ! ከተጎነበስሽ ማን ያነሣሻል?" ብዬ ክንዷን ያዝኩ። አቀፍኳት። እናቴን እናቴን ሸተተችኝ። ዘጠኝ ዓመት የሚሆን ልቅሶ አለቀስን፤ ሰዉም አብሮን አለቀሰ፤ ደስ የሚል ልቅሶ ነው። ሰሃኑ በመሀላችን ተጨፍልቆ የያዘው ቆሎ መሬት ላይ ፈሰሰ።

ከዚያ አስቀመጡን። ውሃ አመጡልን። እጇን እንደያዝኩ ልለቃት አልቻልኩም። ትንፋሼ ሲመለስ ያስከፋኝ ነገር ትዝ አለኝ።

"ያንን ቡኒ ቀሚስ ምን ብለሽ ነው ያለበስሽኝ?" አልኳት። "ከጣልኩት ስንት ዘመኑ! ሰው ፊት አዋረድሽኝ።"

"ዘጠኝ ዓመት አላየሁሽ" አለችኝ። "ምን ለብሰሽ ልሣልሽ?"

እውነቷን ነው። ግን አመል ነው። "ግቢውንም እኮ ሳትጠይቂኝ ነው የፈረምሽው" አልኳት።

"ደሞ እሱን አመጣሽ?"

"አመጣሁ! በስልክ አንድ ቃል..."

"ደወልኩልሽ! ባቡር ላይ ነኝ ብለሽ ጆሮዬ ላይ ዘጋሽብኝ! የእማዬ ቤት ጣሪያ ሊወድቅ ደርሶ ነበር፤ አንቺ ጅቡቲ ሆነሽ ምን ታውቂያለሽ?"

"እኔ ነኝ የማላውቀው? እኔ?"

ሁለታችንም ቆመናል። ድምፃችን ጣሪያ ነክቷል። ኬብሮን "ኧረ በስማም፣ ገና አሁን እኮ ነው!" እያለ መሀላችን ይዞራል። ሶልያና ነጠላዋን ወደ ትከሻዋ ወረወረችው።

"ሁለተኛ እዚህ ደጅ ብመጣ!" አለች። "ሁለተኛ ዓይንሽን ባይ!"

ሁላችንም የሚሰማ ነገር እንዳለ ለማየት ዙሪያችንን ቃኘን። ሎቲዎቹ በየኪሳችን ናቸው፤ በሩ ግድግዳ ተደግፎ አፉን ዘግቷል። የሰማት ሰው ብቻ ነበር።

ሶልያና እየተመናቀረች ወጣች። ኮሪደሩ ላይ ስትደርስ እጇን ወደ ኋላ ሰደደች፤ ድው አድርጋ ልትዘጋው ነው። እጇ አየር ጨበጠ። ዞር አለች፣ በሩ የነበረበትን ቦታ አየች፣ እኔን አየችኝ።

"ደሞ አልጨረስኩም!" አለችና ተመልሳ ገብታ አጠገቤ ተቀመጠች።